«አውጡኝ» ስል «ጎበዝ» አሉኝ

ይህ የደረሰብኝ በጃንሆይ ዘመን ማብቂያ ገደማ፣ የጁቤ በምትባል ትንሽ ከተማ አስተማሪ ሳለሁ ነው። የዚያን ጊዜውን ብዙ ነገር ረስቻለሁ፤ ያችን ሩብ ሰዓት ግን እስከ ዛሬ አልረሳኋትም።

ከአዲስ አበባ ካሜራ የያዙ አራት ሰዎች መጡ። ለቴሌቪዥን የሚሆን አስፈሪ ድራማ አንድ ክፍል ለሙከራ ቀርጸው ለአለቆቻቸው ሊያሳዩ ነው። ከተወደደ በየሳምንቱ ይቀጥላል ተባለ። ድራማው ውስጥ ከነሕይወቷ የምትቀበረውን ሴት ሆና የምትጫወት ሲያፈላልጉ እኔን መረጡ። ቴሌቪዥን አይቼ ባላውቅም ደስ አለኝ።

መቀበሪያው የጎረቤቴ የአያ ቢተው የእህል ጉድጓድ ሆነ። አያ ቢተው በዕድሜ የገፉ ገበሬ ናቸው፤ ቀረጻውን አጠገባችን ቆመው ያዩ ነበር። ጉድጓዱ አፉ ጠባብ፣ ውስጡ ሰፊ ነው፤ እህሉ ወጥቶ ባዶውን ነበር። በመሰላል ወረድኩ፤ መሰላሉን ሳቡት። አፉን በጠፍጣፋ ድንጋይ ሲከድኑት ለአየር ትንሽ ክፍተት ተዉልኝ። የምለው አንድ ቃል ብቻ ነበር፦ «አውጡኝ!»

ሁለቴ እንደጮህኩ ድንጋዩ ተንሸራተተና ክፍተቱ ድርግም ብሎ ተዘጋ።

የሻገተ እህል ሽታ ጉሮሮዬን ያዘኝ፤ ትንፋሼ አጠረ። «አውጡኝ! የእውነቴን ነው!» አልኩ። የድራማው አዘጋጅ ድምፅ ከሩቅ እንደሚመጣ ሆኖ ተሰማኝ፤ «ጎበዝ! እንደሱ ነው! ቀጥይ!» ግድግዳውን በጥፍሬ ቧጠጥኩት። በጮህኩ ቁጥር ያመሰግኑኛል።

ጉልበቴ ሲከዳኝ ጽሑፉ ላይ የሌለ ነገር መናገር እንዳለብኝ ገባኝ። በቀረችኝ ትንፋሽ «አያ ቢተው! አያ ቢተው፣ ይድረሱልኝ!» አልኩ።

ከዚያ በኋላ ያለውን የነገሩኝ እሳቸው ናቸው።

«ስሜን እየጠራች እኮ ነው» አሉ።

«ይተዉ አባቴ፣ ድራማው ነው» አላቸው አዘጋጁ።

«የኔ ስም ድራማው ላይ ተጽፏል?»

መልስ አልጠበቁም። ካሜራውን ገፍትረው ድንጋዩን ብቻቸውን ገለበጡት። መሰላሉን ሰደው ወረዱና ብብቴን በነጠላዬ አስረው ከላይ ባሉት ሰዎች አስጎተቱኝ።

ፀሐይ ላይ ተዘርሬ ስተነፍስ አዘጋጁ አጠገቤ ተንበርክኮ ይቅርታ ለመነኝ። ወዲያው ዞር ብሎ ካሜራ የያዘውን «ተቀርጿል?» ሲለው ሰማሁት።

ድራማው አልቀጠለም። አለቆቹ «ሕዝብ ያስደነግጣል» ብለው እንዳስቀሩት ሰማሁ። ጓደኞቼ «ምነው በታየሽ!» እያሉ ይቆጩልኛል። እኔ ግን እንኳን ቀረ እላለሁ። የምሞት መስሎኝ የጮህኩትን ጩኸት፣ ሰው ራቱን እየበላ «እንዴት ጥሩ ትጫወታለች!» እንዲልበት አልፈልግም።