የአምስቱ ዲስኬቶች ዜማ

በደርግ የመጨረሻ ዓመታት ባሕር ዳር ወዳለው መሥሪያ ቤታችን አንዲት ኮምፒዩተር መጣች። እኔ ታይፒስት ነበርኩ፤ እጮኛዬ ደግሞ መዝገብ ቤት ይሠራል። አጠቃቀሟን ሠልጥኖ ፈተናውን ያለፈ ኮምፒዩተር ክፍል ይገባል፣ የወደቀ ከሐይቁ ማዶ ጎርጎራ ወዳለው ቅርንጫፍ ይዛወራል ተባለ። እኔ በመጀመሪያው ዙር አለፍኩ። የእሱ ተራ ሲደርስ ጭንቀቱ የሁለታችን ሆነ፤ ሠርጋችን ለጥር ተቆርጧል።

እጮኛዬ የቄስ ልጅ ነው። ፊደል የቆጠረው ሐይቁ ዳር ካለ ደብር ነው፤ እዚያ ደግሞ ተማረ የሚባለው ቃል በቃል የያዘ ነው። አሠልጣኙ የሰጠንን መለማመጃ አስጠናው ጀመርኩ። «አንድ ዲስኬት 360 ኪሎባይት ጽሑፍ ይይዛል። አምስት ዲስኬቶች ስንት ይይዛሉ?» ዲስኬት የሚሉት ጽሑፍ የሚቀመጥበት ስስ ጥቁር ነገር ነው። አሠልጣኙ ከሩቅ አሳይቶን መልሶ ቆልፎበታል።

እሱ ሆዬ ማባዛቱን ትቶ ጥያቄውን ከነመልሱ በቃሉ ያዘው። ከሥራ ስንወጣ ሐይቁ ዳር ወዲያ ወዲህ እያለ፣ በዜማ፣ «አምስት ዲስኬት፣ ሺህ ስምንት መቶ» ይላል። ዓሣ አጥማጆቹ ድጓ የሚያጠና መስሏቸው ድምፃቸውን ዝቅ ያደርጉለት ነበር።

«ሰባት ዲስኬት ቢሆንስ?» አልኩት።

«መምህር የሰጠውን ቃል ይለውጣል እንዴ?»

«ኧረ ተው፣ ደብተራው! ይኸ እኮ ዳዊት አይደለም።»

«አንቺ ብቻ አትሳቂብኝ። እኔ አጥንቸዋለሁ።»

እኔ ግን ሳቄን አልቻልኩም።

ፈተናው ላይ ዲስኬቶቹ ሰባት ሆነው መጡ። እሱም በዚያ በሚያምር የቁም ጽሕፈቱ «ሺህ ስምንት መቶ» ብሎ ጻፈ፤ ቃሉንም እንደ ቅዱሳን ስም በቀይ እስክሪብቶ አደመቀው። አሠልጣኙ ወረቀቱን ለሥራ ባልደረቦቹ እያዞረ ሲያሳይ ዋለ አሉ።

የፈሩት ይደርሳል፣ የጠሉት ይወርሳል። ዝውውሩ ወዲያው መጣ፤ ሽማግሌዎቹም ሠርጉን ላልታወቀ ጊዜ ገፉት።

ልሸኘው ወደቡ ድረስ ሄድኩ። መንገዱን ሙሉ አንድ ቀልድ ሳዘጋጅለት ነበር፤ ሆዱ እንዳይባባ ብዬ። ሻንጣውን አንሥቶ «በይ እንግዲህ፣ ሳቂብኝ» አለኝ።

አፌን ስከፍት «አትሂድብኝ» የሚል ወጣ።

ቀልድ መስሎት እየሳቀ ጀልባው ላይ ወጣ።