የበሩ ሥር ቦታ

ያሰሩኝ በፎቶ ኮፒ ማሽን ምክንያት ነው። ሮቤ ውስጥ፣ ከመናኸሪያው ብዙም ሳይርቅ፣ ትንሽ የጽሕፈት መሣሪያ ሱቅ አለኝ። አንድ ሰው ወረቀት አምጥቶ «አባዢልኝ» አለኝ፤ አባዛሁለት። ምን እንደሚል አላነበብኩትም። ይህን ለመርማሪው ስነግረው ሳቀ። እኔም በእሱ ቦታ ብሆን እስቅ ነበር። ግን የማባዛውን ሁሉ የማነብ ብሆን ኖሮ እስካሁን ምሁር በሆንኩ ነበር!

የሴቶቹ ክፍል ሲከፈት መጀመሪያ የተቀበለኝ ሽታው ነው፤ እርጥብ ብርድ ልብስ፣ የሕፃን ሽንት፣ ላብ። ከላይ ቆርቆሮ፣ ከታች ሲሚንቶ፣ መሐል ላይ የታጨቀ ሴት። የብረቱ በር ከሥሩ እጅ የሚያሾልክ ክፍተት አለው። በዚያ የሚገባው የባሌ ብርድ ደግሞ አጥንት ድረስ ይዘልቃል። አዲስ ገቢ የሚደርሰው እንዲህ ያለ ቦታ ነው ብዬ እዚያው ልቀመጥ ስል፣ አንዲት ቀጭን ሴት «ይቅርታ እህቴ፣ እሱ የኔ ነው» አለችኝ።

እጇን ዘረጋችልኝ። በእኛ አገር ሰላምታ በእጅ ነው። ተጨባብጠው አንዷ የሌላዋን እጅ ትስማለች፤ ሌላዋም በተራዋ፣ «ፈያ? ነጋ?» እያሉ ጤናና ሰላም እየተጠያየቁ። እስር ቤትም ቢሆን አይቀርም። ሳምኳት፤ ሳመችኝ። ጣቶቿ ግን እጄን በደንብ አልጨበጡም።

«ብርድ የሚገባበትን ለራስሽ ያዝሽ? ምን ዓይነት ደግ ሰው ነሽ!» አልኳት።

«ደግነት እንኳ አይደለም» አለች። «ሙቀት ያደክመኛል። ታማሚ ነኝ።»

እንዲህ ነች። ያላደረገችውን ደግነት በነፃ ብትሰጧት እንኳ አትወስድም።

ጎባ የጤና ትምህርት አስተማሪ ነበረች። በስብሰባ ላይ እጇን አውጥታ የጠየቀችው ጥያቄ ነው እኛ ዘንድ ያመጣት። ሕመሟ መልቲፕል ስክለሮሲስ ይባላል። አዲስ አበባ ሄዳ ጭንቅላቷን በማሽን ተነሥታ ነው የታወቀላት። አንድ ቀን እግሯ ይደነዝዛል፣ ሌላ ቀን አንድ ዓይኗ ጭጋግ ይለብሳል፣ ከዚያ ደግሞ ደህና ሰው ትሆናለች። መጸዳጃው ከግቢው ጥግ ነውና ትከሻዬን ይዛ ትሄድ ጀመር። «በትርሽ ሆንኩልሽ በቃ» ስላት «በትር አያወራም» ትለኛለች።

የክፍሉ ካቦ አዮ ነበሩ። አዮ እናት እንደማለት ነው፤ ስማቸውን የሚጠራ አልነበረም። ከጎሮ በኩል የመጡ ከብት ነጋዴ ናቸው። ልጃቸው ሲፈለግ ጠፋና እሳቸውን አስገቧቸው። ቁጣቸው የታወቀ ነው፤ ያዘዙትን ያላደረገ ወየውለት።

አንድ ቀን ጠዋት ብዙ አዲስ ገቢ አምጥተው ጨመሩብን። ከቀትር በኋላ ፀሐይዋ ቆርቆሮው ላይ ስትወርድ ክፍሉ ምድጃ ሆነ። መምህርቷ ለመነሣት ሞከረች፤ እግሯ እንቢ አለ፤ ወደቀች። «አንድ ዓይኔም ሄደ» አለች፣ ያለ ምንም ጩኸት። ግርግሩን ሰምታ ተረኛዋ ፖሊስ በሩን ከፈተች፤ የሮቤ ልጅ ነች፣ በአነጋገሯ እናውቃታለን።

«ምንድነው? የሚተላለፍ ነገር ነው እንዴ?»

ፖሊሷ ወደ አዮ ዞረች።

«አዮ፣ እስከ ማታ ቆጠራ አጣርተው ይንገሩኝ። የሚተላለፍ ከሆነ ብቻዋን ትገባለች» ብላ ዘጋችው።

ብቻዋን ማለት ከጓሮ ያለችው የድሮ መጋዘን ናት። መስኮት የላትም፣ በሯ ከሥሩ ክፍተት የለውም፣ የሚደግፍም ሰው የለም። መነሣት ያቃታት ሴት እዚያ ብትወድቅ ማን ያነሣታል? በጆሮዋ «አይተላለፍም በይና ይለቅ» አልኳት።

አዮ መጥተው አጠገቧ ተቀመጡ። «ጅኒ ነው ይላሉ ልጆቹ» አሉ።

«ጅኒ አይደለም፣ አዮ።»

ጅኒ ነው ብትል እኮ ቁርኣን ተቀርቶላት፣ ከሴቶቹ ጸበል ያላት ጸበሏን ረጭታላት፣ ነገሩ በዚሁ ባለቀ ነበር!

«ታዲያ ይተላለፋል?»

«ሕመሜ አይተላለፍም። መነሻው ነው የሚባለው ቫይረስ ግን በምራቅ ይተላለፋል።»

ማን ጠየቃት! ወላሂ አፏን በእጄ ልይዘው ምንም አልቀረኝ። አዲስ ገቢዎቹ ሸሹ። አንዷ እጇን በነጠላዋ ጠረገች። አብራን የምትጠጣበትን የፕላስቲክ ኩባያ አንዷ በእግሯ ወደ እሷ ገፋችላት። ልጅ ይዛ የታሰረችው ወጣት እናት ሕፃኗን ከመሬት ብድግ አድርጋ ደረቷ ላይ ለጠፈችው። ልጁ ጠዋት ሙሉ በመምህርቷ ጭን ላይ ነበር።

መምህርቷ ኩባያውን አየችው። ከዚያ ክፍል እንደገባች አስተማሪ ጉሮሮዋን ጠረገች።

የቫይረሱን ስም ነገረችን፤ የፈረንጅ ስም ነው፣ አፌ አልያዘውም። «ይሄ ቫይረስ የሌለበት ትልቅ ሰው ማግኘት ይከብዳል» አለች። «አብዛኞቻችንን የያዘን በልጅነታችን ነው፤ ተኩሶን አልፎ ይሆናል፣ ጭራሽ ሳናውቀውም ይሆናል። አንዴ ከገባ አይወጣም፣ ተኝቶ ይኖራል። ከብዙ ብዙ ሰው አንዱ ላይ ነው መዘዝ የሚያመጣው። የሰውነት ዘበኞች እሱን የመቱ መስሏቸው የገዛ ነርቫቸውን ይመታሉ። የነርቭ ሽፋን ልክ እንደ ሽቦ ላስቲክ ነው፤ ሲላጥ መልእክቱ መንገድ ላይ ይቀራል። እግሬ ያልሰማኝ ለዚህ ነው።»

«በስሕተት የሚመቱ ዘበኞች!» አለች አንዷ ከጥግ። «እነሱንማ እናውቃቸዋለን!»

ሁሉም ሳቀ። ወጣቷ እናት ግን አልሳቀችም። «ልጄስ?» አለች።

እዚህ ጋ እንኳ ትዋሻለች ብዬ ጠብቄ ነበር። «ከእኔ ባይሆን ከአንቺ ያገኘዋል» አለቻት በለሰለሰ ድምፅ። «አኝከሽ ታጎርሺው የለ? እናትሽም አንቺን እንዲሁ አሳድጋሻለች። አትፍሪ። እንደ እኔ የሚሆን እጅግ ጥቂት ነው።»

«እኔም አለብኝ?» አሉ አዮ።

«ሳይኖርብዎት አይቀርም።»

«ታዲያ ለምን አንቺን መርጦ ጣለሽ?»

«አላውቅም፣ አዮ። ቫይረሱ ብቻውን አይበቃም፤ ሌላ ነገር ይጨመርበታል። ምን እንደሆነ የሚያጠኑትም ገና አልጨረሱም።»

አዮ ብዙ አሰቡ። በገበያ ቀን ወይፈን ሲገዙ እንዲህ የሚያስቡ ይመስለኛል። ከዚያ ኩባያውን አንሥተው ከጀሪካኑ ውኃ ቀዱና ግማሹን ጠጡ። የቀረውን ለእሷ ሰጧት። «ሱብሃነላህ! ሁላችንም የተሸከምነውን፣ ለእሷ ስለከበዳት እንሽሻት?» አሉ፤ እጇንም ያዙና ሳሙት። እሷ የእሳቸውን ስትስም እንባዋ እጃቸው ላይ ወረደ።

ወጣቷ እናት ቆየት ብላ ተነሣች። ልጁን አምጥታ መምህርቷ ጭን ላይ አስቀመጠችው።

እኛ ተስማማን፤ ውሳኔው ግን የእኛ አልነበረም። የማታው ቆጠራ ሲደርስ በሩ ተከፈተ፣ ብርዱም ገባ። መምህርቷ «አንሺኝ» አለችኝ። ትከሻዬን ይዛ እየተንቀጠቀጠች ቆመች። ዓይኗ ገና በደንብ አልተመለሰም።

«እህ? ይተላለፋል አይተላለፍም?» አለች ፖሊሷ።

«መጀመሪያ ሰላም በይኝ እንጂ» አለች መምህርቷና እጇን ዘረጋች።

በእኛ አገር የተዘረጋ እጅ አይመለስም፤ ሰላም ሳይባልም ጉዳይ አይጀመርም። የፖሊሷ እጅ ራሱ ሄደ። ጨበጠች፣ «ፈያ? ነጋ?» አለች፣ ጎንበስ ብላ ሳመች፤ ያን ጊዜ ምን እንዳደረገች ትዝ አላትና ክው ብላ ቀረች። ከሴቶቹ አንዷ ሳቋን በነጠላ አፈነች።

መምህርቷ አልሳቀችባትም። እጇንም አለቀቀችም። «አትደንግጪ፣ ልንገርሽ» አለችና ሁሉንም እንደገና፣ ምራቁንም ሙቀቱንም ሳትዘል ነገረቻት።

ፖሊሷ ሰምታ ስትጨርስ ወደ አዮ ዞረች። «እርስዎ ምን ይላሉ?»

«እሷን ከወሰድሽ ሁላችንንም ውሰጂን፤ አንቺም ከእኛ ጋር ትገቢያለሽ» አሉ አዮ።

ፖሊሷ ሳቋን ዋጥ አደረገች። ቆጠረችን። ስትወጣ «በሩ ሥር ያለውን ክፍተት በጨርቅ እንዳትደፍኑባት» አለች።

እኔ በእሷ ቦታ ብሆን እዋሽ ነበር፣ ያውም ሳልጠየቅ። ውሸቱ ምናልባት ያንን ቀን ያሳልፈኝ ይሆናል። ግን በማግስቱ አንዷ ወሬ ብትሰማ ያ ኩባያ እንደገና ይገፋ ነበር። በእሷ ላይ ግን ከዚያ በኋላ ማንም አልገፋባትም። እንዲህ ያለ ልብ እስከ ዛሬ አላየሁም።

አሁን ሁለታችንም ወጥተናል። እሷ ጎባ ናት፤ በምርኩዝ ትሄዳለች፣ ሲሻላት ታስተምራለች። ስንቀጣጠር ቀድሜ እደርስና ሻይ ቤቱ በር ሥር ያለውን ወንበር እይዝላታለሁ። የጎባን ብርድ የሚያውቅ ያውቀዋል። አስተናጋጇ «ወደ ውስጥ ግቢ እንጂ፣ እዚህ ትሞቻለሽ» ትለኛለች።

«የሰው ቦታ ነው» እላታለሁ፤ እስክትመጣ እየተንቀጠቀጥኩ እጠብቅላታለሁ።