ድልህ ወይስ ድግምት

ዛሬ አምበር ገበያ ጤና አዳም ሸተተኝና ሳላስበው ጆሮዬን ጨበጥኩ።

ልጅ ሳለሁ አክስቴ ድልህ ስትፈጭ ከጤና አዳሙ ጀምሮ የምትጨምረውን ሁሉ በደብተሬ እጽፍ ነበር፤ መልሼ ሳነበው አፌን ይጣፍጠኝ ነበር። እሷ ፊደል አልቆጠረችም። "ሥሩን ቅጠሉን ጽፋ ልታስደግምብኝ ነው!" ብላ ጆሮዬን ይዛ እየጎተተች የንስሐ አባታችን ዘንድ ወሰደችኝ። ድግምተኛ ከተባልኩ ማን ቤቱ ያስገባኛል?

ቄሱ ቀስ ብለው አነበቡት፤ ምራቃቸውንም ዋጡ። "ሰሙ ድግምት፣ ወርቁ ድልህ! አንቺ ልጅ፣ ጾሜን ልታስገድፊኝ ነበር እኮ" ብለው ሳቁ።

አክስቴ አልሳቀችም። ቤት ስንደርስ ደብተሬን ምድጃ ውስጥ ጨመረችው። "ቄሱን ምራቅ ያስዋጠ ጽሕፈት እኔንማ ምን ሊያደርገኝ!" አለች።

እሷን አፈር ከተጫናት ቆየ። እኔ ግን ስለ ወጥ የምጽፈው ዛሬም በሬን ቀርቅሬ ነው።