የዘለልኳት መስመር

ኮረሪማ በሸተተኝ ቁጥር አንድ ደብዳቤ ትዝ ይለኛል። አራተኛ ክፍል ሳለሁ ጅማ ውስጥ የሄርማታ ሰፈራችን ደብዳቤ አንባቢ ነበርኩ። ሰኞ ማክሰኞ እየተጫወትኩ እጠራለሁ፤ አማርኛውን ለእናቶች በኦሮምኛ እየተረጎምኩ አነብና የተሰጠኝን ሸንኮራ እየመጠጥኩ እመለሳለሁ። ኩራቴ ሌላ ነበር።

ጎረቤታችን እማማ ዘይቱና ገበያ ላይ ኮረሪማ ይሸጡ ነበር። አንድያ ልጃቸው አወል ወደ ሰሜን ዘምቶ ነበር። አንድ ቀን የመጣው ደብዳቤ እንደ ወትሮው «ከናፍቆትሽ በቀር ደህና ነኝ» ብሎ ይጀምራል። እሳቸው አልሃምዱሊላህ እያሉ ያዳምጣሉ። ወረድ ስል ግን ቆስሎ ሆስፒታል መተኛቱን ጽፏል። «እናቴ ሆይ፣ እንደምንም ብለሽ ድረሺልኝ» ይላል።

ክፉ ወሬ በልጅ አፍ አይነገርም፤ መርዶ የሚያረዱት ሽማግሌዎች ናቸው፣ ያውም ማለዳ። እቤት የተማርኩት ይህን ነው። መርዶንና የቁስለኛን ጥሪ መለየት ያቃተኝ ሞኝ፣ መስመሯን ዘልዬ ወደ ሰላምታው ሄድኩ። ትልልቆቹ ይነግሯቸዋል ብዬ ጠበቅኩ። ደብዳቤው ግን ታጥፎ የኮረሪማው ጣሳ ውስጥ ገባ፤ ከእኔ በቀር ያነበበው አልነበረም።

ከሁለት ወር በኋላ ሽማግሌዎች በማለዳ መጡ። የዘለልኳትን ሊነግሩልኝ መስሎኝ እፎይ አልኩ። የመጡት ሞቱን ሊያረዱ ነበር። እማማ ዘይቱና ሲጮኹ የምጫወትበት ጠጠር ከእጄ ወደቀ። ለማንም ትንፍሽ አላልኩም።

ዛሬ ዶክመንተሪ ሠሪ ነኝ። የድሮ ወታደሮችን ፊት ለፊት አስቀምጬ የጦር ሜዳውን እውነት ንገሩኝ እላለሁ፤ ስንቱን አባወራ አስለቅሻለሁ። አምና ለዚሁ ሥራ ጅማ ሄጄ የዘማች እናቶችንም ስቀርጽ እማማ ዘይቱና ቤት ደረስኩ። ዓይናቸው ደክሟል። ያንኑ ደብዳቤ ከጣሳው አውጥተው ሰጡኝ፤ ሽታው አልለቀቀውም።

«ኢንተላ ኮ፣ ልጄ፣ አንቺው አንብቢልኝ» አሉኝ። «ድረሺልኝ ቢለኝ ኖሮ በእግሬም ቢሆን እሄድ ነበር። ግን አልጠራኝም። ሳይሰቃይ ነው የሞተው እያልኩ እጽናናለሁ።»

ካሜራው እየቀረጸ ነበር። ወረቀቱን ዘርግቼ ከናፍቆትሽ በቀር ደህና ነኝ ብዬ ጀመርኩ። መስመሯ ጋ ስደርስ ቀና ብዬ አየኋቸው፤ ፈገግ ብለው እያዳመጡ ነው። ደግሜ ዘለልኳት። ያኔስ ልጅ ነበርኩ።