የመዝጊያው ፈገግታ

በማኅበራዊ ድጋፍ መሥሪያ ቤት ውስጥ፣ ከአንዲት መስኮት ጀርባ የሥራ ዘመኑን የጨረሰ አንድ ሰው ነበር። ባለጉዳዮች ስሙን አያውቁም፤ «መዝጊያው» ነው የሚሉት። ቅጽል ስሙ የወጣለት መስኮቷን ቶሎ ስለሚዘጋ ብቻ አይደለም። መስኮቷ ክፍት ሆና እንኳ ፊቱ ዝግ ነበር። ጡረተኛም ይምጣ፣ ባሏ የሞተባትም ትምጣ፣ እግሩ የተቆረጠም ይምጣ፣ ሁሉም እኩል ያንን ፊት ያያል። እሱ ይህን ፍትሕ ይለው ነበር። ለአንዱ ስቆ ለሌላው መኮሳተር አድልዎ ስለሆነ፣ ለሁሉም ተኮሳተረ።

ቅጽል ስሙን የሰማ ዕለት ከፍቶት ነበር። ሲያድር ግን መዝጊያ የሌለው ቤት ምን ቤት ይባላል ብሎ ራሱን አጽናና።

ጡረታ ሊወጣ ጥቂት ሲቀረው ማሻሻያው መጣ። እስከዚያ ድረስ ጡረተኞች በየዓመቱ በአካል እየቀረቡ በሕይወት መኖራቸውን ማስመስከር ነበረባቸው። በሕይወት መኖራቸውን ሊያስመሰክሩ ፀሐይና ዝናብ ላይ የቆሙ ሰዎች ወረፋው ላይ ተዝለፍልፈው ሲወድቁ፣ የሚመሰከርለት ነገር ራሱ አጠራጣሪ ይሆን ነበር። አሁን ግን ሁሉም ቤቱ ቁጭ ብሎ ፊቱን ለስልክ እንዲያሳይ ተወሰነ። ሐሳቡ መልካም ነበር፤ መዝጊያው እስከ ዛሬም ይህን አይክድም።

እሱ የኮሚቴው አባል የሆነው አለቃው ስብሰባ ስለሚሰለቸው ነው። ስብሰባው ላይ አንድ ጥያቄ ተነሣ። አንድ ቤተሰብ የሞተ አባቱን ፎቶ ስልኩ ፊት ደቅኖ ጡረታውን መብላት ቢቀጥልስ? አንዱ ዓይናቸውን ያርገብግቡ አለ፤ ዓይኑን የታመመ ምን ይሁን ተብሎ ወደቀ። ሌላው ራሳቸውን ያዙሩ አለ፤ አንገታቸው የማይዞር ስንት ናቸው ተብሎ ቀረ። ያን ጊዜ መዝጊያው በሥራ ዘመኑ ለመጀመሪያ ጊዜ እጁን አወጣ።

«ፈገግ ይበሉ ይባሉ» አለ። «ፎቶ ታዝዞ ፈገግ አይልም። የሞተም አይልም።»

አጨበጨቡለት። ቤቱ ገብቶ ለሚስቱ ሲነግራት ጭልፋዋን አስቀምጣ ወንበር ፈለገች።

«ስለ ፈገግታ ሐሳብ ያቀረብከው አንተ ነህ?»

«አዎ፣ እኔ።»

እንባዋ እስኪፈስ ሳቀች። እሱ የተደሰተችለት መስሎት ነበር።

ከዚያም በየሰፈሩ እየዞረ ሥልጠና ሰጠ። «ቀላል ነው፤ ደቂቃ አይፈጅም» ይላል። ሲያሳያቸው ስልኩን የሚይዘው እሱ ነው፤ የምትስቀው ደግሞ አብራው የምትዞረው ወጣት ጸሐፊ። ልጅቷ ገና ስልኩ ወደ እሷ ሲዞር ጥርሷ ይበራል፤ ስልኩም ወዲያው ይቀበላታል። በራሱ ፊት መሞከር እንዳለበት ለአንድ ቀን እንኳ አላሰበም። ነጋዴ የሸጠውን ጫማ ሁሉ መቼ ይለካዋል?

መስኮቷ በግንብ ተደፈነች። የመሥሪያ ቤቱ ምድር ቤት ለፍራሽ ሻጭ ተከራየ። እሱም ጡረታ ወጣ።

በዓመቱ የራሱ ተራ ደረሰ። ልጁ መጥታ መተግበሪያውን ስልኩ ላይ ጫነችለትና ሄደች። በቅድሚያ የራሷ ትንሽ ጡረታ ያላት ሚስቱ ሞከረች። ወጥ እያማሰለች፣ ስልኩን በግራ እጇ ይዛ ፈገግ ከማለቷ አለፈች።

«ይኸው ነው?» አለች። «እኔ ደግሞ ምን ከባድ ነገር መስሎኝ።»

እሱ ሸሚዙን ቀይሮ፣ ግድግዳውን ተደግፎ ቆመ። ስልኩ ፊቱን መስታወቱ ላይ ከሚታየው ክብ ውስጥ እንዲያስገባ ነገረው፤ አስገባ። ፈገግ እንዲል ነገረው፤ እሱ እስከሚያውቀው ድረስ ፈገግ አለ።

«ፈገግታ አልተገኘም» አለ ስልኩ።

«ጥርስህን አሳይ እንጂ!» አለች ሚስቱ ከማድ ቤት።

«አሳየሁ እኮ።»

«ይሄማ ማሳየት አይደለም። ጥርስ ሐኪም ዘንድ የተቀመጥክ ነው የምትመስለው።»

ልጁ ጋ ደወለ። «አባዬ፣ ደስ የሚልህን ነገር አስብ» አለችው። አሰበ። በፊደል ተራ የተደረደሩ፣ ጀርባቸው በአንድ ዓይነት ቀለም የተጻፈ ፋይሎች መጡለት። ልቡ በእርግጥ ሞቀ፤ ሙቀቱ ግን ፊቱ ድረስ አልወጣም።

«ለዛሬ ሙከራዎ አልቋል» አለ ስልኩ። «እባክዎ ሌላ ቀን ይሞክሩ።»

መዝጊያው ስልኩን አገላብጦ አየው። ይህን አነጋገር ያውቀዋል። የራሱ ነው። ማሽኑ ምን ይበል ተብሎ ሲጠየቅ፣ ሳያስብ ያስጻፈው እሱ ነበር።

በማግስቱም ሞከረ፣ በሚቀጥለውም ቀን። መታጠቢያ ቤት ገብቶ ከመስታወቱ ፊት ከንፈሩን በሁለት ጣቶቹ ወደ ላይ እየሳበ ተለማመደ። «አመመህ እንዴ?» አለች ሚስቱ በበሩ በኩል። የልጁ ልጅ ለጥየቃ ስትመጣ በእሷ ላይ ቢሞክረው፣ ሕፃኗ እናቷ ቀሚስ ውስጥ ተሸሸገች።

ወሩ እያለቀ ሄደ። ወሩ ካለቀ ስሙ ከሕያዋን መዝገብ ወደ ሌላው ይዛወራል፤ ጡረታው ይቆማል። ያ ጡረታ ካልገባ ደግሞ የቤት ኪራዩ አይከፈልም፤ አከራያቸው በዚህ ጉዳይ ላይ ከማሽኑ የባሰ ሰው ነው። አንድ መውጫ ነበር። ዋናው መሥሪያ ቤት ልዩ ጉዳይ ክፍል ሄዶ በአካል መቅረብ። የክፍሉ ኃላፊ ግን ያቺ ጥርሷ የሚበራው ጸሐፊ ነበረች። እሷ ፊት ቆሞ «የኔ ልጅ፣ ፈገግታ አቅቶኝ ሞቻለሁ» ከማለት፣ በእውነት ቢሞት የሚቀል መሰለው።

በመጨረሻው ቀን፣ ምናልባት ጡረታ ከወጣ ወዲህ ያሳደገው ጢሙ ይሆናል ያስቸገረው ብሎ ጸጉር ቤት ሄደ። ጸጉር ቤቱ ከቀድሞ መሥሪያ ቤቱ ፊት ለፊት ነው። ጸጉር አስተካካዩ ወሬ ወዳድ ሰው ነበር። የተራ መጠበቂያው ወንበር ላይ አንድ ጡረተኛ ግንበኛ እጆቹን ጉልበቱ ላይ አድርጎ ተቀምጧል።

«ሙልጭ አድርገህ ላጨኝ» አለ መዝጊያው። «ፊቴ በደንብ እንዲታይ።»

«ለማረጋገጫው ነው አይደል፣ ጋሼ?» አለ ጸጉር አስተካካዩ አረፋውን እየቀባው። «ሽማግሌ ሁሉ ለዚያ ነው የሚላጨው። ማሻሻያውን እኔ በበኩሌ ወድጄዋለሁ። ገበያ አመጣልኝ።»

«እኔን ግን ገደለኝ» አለ ግንበኛው። «አርባ ዓመት ሲሚንቶና ፀሐይ ያደረቀው ፊት ከየት አምጥቶ ይስቃል? ይህን ፈገግታ የሚሉትን ነገር ያመጣው ማን ይሆን?»

«አንድ ሥራ ፈት ነዋ!» አለ ጸጉር አስተካካዩ። «ቤቱ ሲስቅ የሚውል፣ ድሎት ያናወዘው ሰው።»

መዝጊያው አረፋው ውስጥ ሆኖ ዝም አለ። ዝም ማለት ይችልበታል። ግን ምላጩ ጉሮሮው ላይ ስለነበር፣ ወይም ደክሞት ስለነበር፣ አመለጠው።

«እኔ ነኝ» አለ።

ምላጩ ቆመ። ጸጉር አስተካካዩ ጎንበስ ብሎ ከአረፋው በላይ ያሉትን ዓይኖች አየ፤ ከዚያም ቀና ብሎ በመንገዱ ማዶ የተደፈነችውን መስኮት አየ።

«መዝጊያው!» አለ። «እናቴን በክንዴ ደግፌ ስንቴ አይቼዎታለሁ! ያለ ጢም ስለማውቅዎት ነው የጠፉኝ።» ወደ ግንበኛው ዞረ። «ጋሼ፣ ፈገግታን ያመጣው ማን ሆነ መሰለዎት? መዝጊያው!»

ግንበኛው ሰውዬውን ቢያየው፣ ቢያየው ማመን አልቻለም። «እሱ ራሱስ አልፏል?»

መዝጊያው ራሱን ነቀነቀ። አለማለፉን ማለቱ ነው።

ጸጉር አስተካካዩ ሳቅ ገድሎት ምላጩን አስቀመጠ። ከዚያ ገንዘብ የሚቀበልበት ጠባብ ባንኮኒ ጀርባ ገብቶ፣ አንገቱን ወደ ትከሻው ቀብሮ፣ ፊቱን እንደ ቡጢ ጨበጠ።

«ቀጣይ! ፎቶኮፒው የታል? ጎድሏል። ነገ ይምጡ።»

መዝጊያው ተቆጣ። ቁጣው ግን በመሰደቡ አልነበረም።

«እንደዚያ ብዬ አላውቅም» አለ ከወንበሩ ብድግ ብሎ። «ነገ ይምጡ አልልም። ነገ ስብሰባ ነው፣ ከነገ ወዲያ ማኅተም ያዡ የለም፣ በሚቀጥለው ሳምንት ይምጡና መቼ እንደሚመጡ እነግርዎታለሁ። እንዲህ ነበር የምለው!»

የተናገረው ነገር ተመልሶ ወደ ጆሮው ገባ። መስታወቱ ውስጥ ግማሽ ፊቱ የተላጨ፣ ግማሹ አረፋ የሆነ፣ የአንገት ጨርቅ የታሰረለት አንድ ሽማግሌ፣ ስለ አነጋገሩ ትክክለኛነት ሲሟገት አየ። መጀመሪያ ሆዱ ተንቀጠቀጠ። ከዚያ አንድ የዛገ ማጠፊያ የሚመስል ድምፅ ከጉሮሮው ወጣ። ድምፁ ሳቅ መሆኑን ያወቀው ሁለቱ ሰዎች አብረውት ሲስቁ ነው።

«ስልክዎን! ስልክዎን!» አለ ጸጉር አስተካካዩ። ስልኩን ከመደርደሪያው ነጥቆ መዝጊያውን አስከፈተውና ፊቱ ላይ ደቀነበት።

«በሕይወት መኖርዎ ተረጋግጧል» አለ ስልኩ። «እናመሰግናለን።»

ስልኩ የቀረጸውን ምስል ተቃቅፈው አዩት። አፉ በአረፋ መካከል እንደ ዋሻ ተከፍቷል። በሚቀጥለው ዓመት ማሽኑ ፊቱን የሚያመሳክረው ከዚህ ጋር መሆኑ ትዝ ሲለው እንደገና ሳቀ።

ሊቀመጥ ሲል ግንበኛው ስልኩን ዘረጋለት። «ጌታዬ፣ ለእኔም ይዝጉብኝ እስቲ።»

መዝጊያው አረፋውን በጨርቁ ጫፍ ጠረገ። ባንኮኒው ጀርባ ገባ፤ የተዘጋጀለት ያህል ልክክ አለለት። አንገቱን ቀበረ። ፊቱን ለማኮሳተር ምንም ጥረት አላስፈለገውም፤ ፊቱ ራሱ መንገዱን ያውቃል።

«ቀጣይ!» አለ።

«እዚሁ ነኝ» አለ ግንበኛው።

«መኖርዎን አላየሁም። በሕይወት ለመኖርዎ ምን ማስረጃ አለዎት?»

የግንበኛው ትከሻ መንቀጥቀጥ ጀመረ። ጸጉር አስተካካዩም ስልኩን ይዞ ጠጋ አለ።

ያን ቀን ሚስቱ ምስሉን አየችና ዓይኗን ከስልኩ ላይ ለረጅም ጊዜ አላነሣችም። «ይህን ሰውዬ እስከ ዛሬ የት ደብቀኸው ነበር?» አለችው።

አሁን በየወሩ መጨረሻ ጸጉር ቤቱ ተራቸው በደረሰ ጡረተኞች ይሞላል። መዝጊያው ጠዋት ተነሥቶ፣ ሸሚዙን ተኩሶ፣ ክራቫቱን አስሮ ይወጣል።

«ደግሞ ወዴት ነው?» ትለዋለች ሚስቱ፣ መልሱን እያወቀች።

«ቢሮ» ይላታል፣ ፊቱን ቋጥሮ።