ሳልጨምር፣ ሳልቀንስ የጻፍኩት ዝርዝር

ልደታ ፍርድ ቤቱ አካባቢ የጽሕፈትና የፎቶ ኮፒ ቤት ከከፈትኩ ብዙ ዓመት ሆኖኛል። ማመልከቻ፣ የክስ መልስ፣ ውክልና፣ የኪራይ ውል እጽፋለሁ። ሰው በደሉን ተሸክሞ፣ እንባው ሳይደርቅ ይመጣል፤ እኔ ግን መጀመሪያ የምጠይቀው ሙሉ ስም ከነአያት ነው። ብዙዎች ይቆጡኛል። አንዲት የሰንጋ ተራ ሴትዮ «ቤቴ ፈርሶብኝ አንቺ የአያቴን ስም ትጠይቂኛለሽ?» ብላኝ ነበር። ስም ተሳስቶ የተመለሰ ወረቀት ግን ስንት ሰው እንዳንከራተተ አይቻለሁ። ስለዚህ እጠይቃለሁ። ግትር ነሽ ይሉኛል። ነኝ።

ይኸው ግትርነቴ ከገዛ ዘመዶቼ ጋር ያጣላኝ ጦርነቱ አባቴ አገር በደረሰ ጊዜ ነው።

አባቴ ከወሎ በወጣትነቱ መጥቶ ተክለ ሃይማኖት አካባቢ ልብስ ሲሰፋ የኖረ ሰው ነበር። እኔ የተወለድኩት ጌጃ ሰፈር ነው። አገሩን የማውቀው ለዒድ ሄደን በከረምንባቸው ጥቂት ጊዜያት ብቻ ነው። አባቴ ከሞተ በኋላ እዚያ የቀረኝ የቅርብ ሰው ታናሽ ወንድሙ፣ አጎቴ ናቸው። ያርሳሉ፤ በመስጊዱ ደግሞ ሬሳ የሚያጥቡትና የሚከፍኑት እሳቸው ናቸው።

በገበያ ቀን፣ ሰው በተሰበሰበበት፣ ከባድ መሣሪያ ወደቀ። የሰማነው ይህን ብቻ ነው። ወዲያው ስልክ ተቋረጠ። በቴሌቪዥን «ጥቂት ሰዎች ሕይወታቸው አልፏል፤ አብዛኞቹም ታጣቂዎች ናቸው» ተባለ። ፌስቡክ ላይ ደግሞ በመቶዎች የሚቆጠሩ ሞቱ ተብሎ ፎቶ ተለጠፈ። ፎቶውን ለሳምንት ስናለቅስበት ከርመን የሌላ አገር ሆኖ ተገኘ። አንዱ ያሳንሳል፣ አንዱ ያበዛል፤ አጎቴ በሕይወት ይኑሩ አይኑሩ የሚነግረኝ ግን አልነበረም። በዚያ ሰሞን ሁለቱንም ወገን እኩል ጠላሁ።

ሁለት ወር ገደማ ቆይቶ አጎቴ በአይሱዙ ተጭነው ቤቴ መጡ። ከስተው ነበር። የያዙት አንዲት የላስቲክ ከረጢት ብቻ ነው። ስለዚያ ቀን አልጠየቅኳቸውም፣ እሳቸውም አላወሩም። በሦስተኛው ቀን ቴሌቪዥን ተከፍቶ እያለ የዚያው ገበያ ነገር እንደገና ተነሣ፤ እንደገና «ጥቂት ሰዎች» ተባለ። አጎቴ ተነሥተው ወጡ።

በማግስቱ የዐስር ሶላት ሰግደው ሱቄ መጡና ባለጉዳዮች የሚቀመጡበት አግዳሚ ላይ ተቀመጡ።

«ልጄ» አሉ ወደ ኮምፒውተሬ እያመለከቱ፣ «ይቺ ነገርሽ የሰው ስም ብቻ መጻፍ ትችላለች? ክስ ሳይሆን፣ ምንም ሳይሆን፣ ስም ብቻ?»

«ትችላለች አጎቴ። የማንን ስም?»

«የማጥበው እኔ ነኝ። እነሱ ጥቂት ይላሉ። ቁጭ ብለሽ ጻፊ።»

በመቃብሩ ተራ ነገሩኝ። ከግራሩ ጥግ ጀምረው፣ ከማን ቀጥሎ ማን እንዳረፈ፣ አንድ በአንድ። ወፍጮ ቤት የነበረው ሰውዬ። በርበሬ ልትሸጥ የመጣች እናት፣ ከአማቷ ጋር። አህያ ሊገዛ ከማዶ የመጣ ገበሬ። ስማቸውን እዚህ የማልጽፈው ቤተሰባቸው ዛሬም እዚያው ስለሚኖር፣ ጽሑፍ ደግሞ ከግድግዳዬ አልፎ ስለሚዞር ነው። ቁጥሩንም አልጽፍም፤ ቁጥር ስሰጥ ሰው ቁጥሩን ይዞ ሲሄድ፣ ስሞቹን ትቶ ሲሄድ አይቻለሁና። ማወቅ የፈለገ መጥቶ ከግድግዳዬ ላይ ያንብብ።

አንዱ ጋ ሲደርሱ አጎቴ ቆም አሉ።

«ይሄ ሚሊሻ ነበር።»

«መሣሪያ ይዞ ነበር?»

«ይዞ ነበር። በአንድ እጁ ጠብመንጃውን፣ በአንድ እጁ ለልጆቹ የገዛውን ሸንኮራ። እንዴት ትጽፊዋለሽ?»

«እንዳሉኝ ነዋ። ታጥቆ ነበር ብዬ።»

«ሸንኮራውንስ?»

ሸንኮራውንም ጻፍኩ።

ማንነቱ ያልታወቀ ሰው ነበር፤ ፊቱ የማይለይ። ቡናማ ኮት ለብሶ፣ አንድ ጫማ ብቻ። አጎቴ አጥበውት ቀብረውታል፤ ስለዚህ «ስሙ ያልታወቀ ወንድ» ብዬ ከነኮቱ አስገባሁት። የአራት ቀን ከሰዓት በኋላ ፈጀብን። ከዚያ በኋላ ከአገሩ ሸሽተው አዲስ አበባ የገቡትን እየፈለግኩ፣ አንዱ ሌላው ያለውን ሳይሰማ፣ ለየብቻ ጠየቅኳቸው። አንድ ሰው በቅጽል ስሙና በመዝገብ ስሙ ሁለት ጊዜ ገብቶ አገኘሁና አንዱን ሰረዝኩ።

የአገራችን ልጆች መረዳጃ ማኅበር አለን። ሊቀ መንበሩ እኩያዬ ነው፤ ነጋዴ ነው፤ ለተፈናቀሉት ብርድ ልብስና ዱቄት ሲያሰባስብ እንቅልፍ ያልነበረው ሰው ነው። ክፉ ሰው እንዳልሆነ አውቃለሁ። ዝርዝሩን አገላብጦ አየና ጠረጴዛዬ ላይ መለሰው።

«እህቴ፣ ይሄ ቁጥር አያስለቅስም።»

«ማንን ነው የሚያስለቅሰው?»

«ዓለምን ነዋ። ሌላው ከእኛ ያነሰ ተጎድቶ ሺህ ይላል። አንቺ ከመቶ በላይ ብለሽ ጻፊው፤ ማን ይቆጥራል?»

«የቀረውን ስም ከየት አመጣለሁ?»

«ስም ማን ይጠይቃል?»

«እኔ እጠይቃለሁ።»

«አንቺ ፍርድ ቤት በር ላይ ተቀምጠሽ ልብሽ ደርቋል» አለኝ።

ያ ቃል አመመኝ። ከሞቱት መካከል ሁለቱ የአባቴ የአጎት ልጆች ናቸው። ለእነሱ አልቅሻለሁ፣ ደግሞም ማንም ሳያየኝ አልቅሻለሁ። ነገር ግን በሌሉ ሰዎች ባጅባቸው፣ ነገ አንዱ ተነሥቶ «ይህች የፈጠራ ናት» ሲል፣ ከፈጠራው ጋር እነሱም አብረው ይሰረዛሉ። የወፍጮ ቤቱን ሰውዬ፣ የበርበሬዋን እናት ለዚያ አሳልፌ አልሰጥም። እንዲህ አልኩት። ተቆጥቶ ወጣ።

ሳምንት ሳይሞላ በተቃራኒው በኩል ሌላ መጣ። ይኼኛው ጌጃ ሰፈር አብሮኝ ያደገ፣ አሁን የመንግሥት ቢሮ የሚሠራ ሰው ነው። መታወቂያ ኮፒ አስደርጎ ከጨረሰ በኋላም አልሄደም።

«አንድ ዝርዝር አለሽ ሲባል ሰማሁ። ታጣቂዎቹን አውጪያቸው፤ ያልታወቀውንም ተዪው። ያኔ ማንም አይነካሽም። ለአንቺ ብዬ ነው።»

«ስለ እኔ አትስጋ።»

«ያልተጣራ መረጃ ማሰራጨት እኮ ያስጠይቃል።»

«እኔ አጣርቻለሁ። ያልተጣራው ጥቂት የሚለው ነው። ከእናንተ መቃብሩ ድረስ የሄደ አለ?»

አጎቴ አግዳሚው ላይ ነበሩ።

«ልጄ» አሉት ቀስ ብለው፣ «አንተ በዕድሜህ ስንት ሬሳ አጥበሃል?»

«ኧረ እኔ… አላጠብኩም አባቴ።»

«እንግዲያው ቁጥሩን ለእኔ ተወው።»

ሰውየው ኮፒውን አጥፎ ወጣ። አልፈራሁም ብዬ አልዋሽም። የዚያን ዕለት አንድ የውክልና ሰነድ ሦስት ጊዜ አሳስቼ ሦስት ጊዜ አትሜያለሁ። ሆኖም ከዝርዝሩ አንድም ሰው አላወጣሁም።

ከዚያ በኋላ ነው ያ ስልክ የመጣው። የማላውቀው ቁጥር፣ የወጣት ሴት ድምፅ።

«የሞቱትን የምትጽፊው አንቺ ነሽ?»

«አዎ። ማን ልበል?»

ስሟን ነገረችኝ። ወረቀቱ ፊት ለፊቴ ነበር። ስሟ ሁለተኛው ገጽ ላይ፣ ከላይ ሦስተኛው ነበር።

«እኔ አልሞትኩም» አለች።

እግሯን ተመትታ በማታውቃቸው ሰዎች መኪና ተጭና ሆስፒታል ገብታለች፤ ከዚያም ሌላ ከተማ አክስቷ ቤት ተኝታለች። ከጠየቅኳቸው ሰዎች አንዱ ዝርዝሩን በስልኩ አንሥቶ አሳይቷት፣ ቁጥሬንም ሰጥቷት ነው። ሴቶቹን ያጠቡት ሴቶች ስለነበሩ አጎቴ የሬሳውን ፊት አላዩም፤ የለዩዋት በሻርፗ ነበር፤ አረንጓዴ፣ ጫፉ ላይ ነጭ ዘርፍ ያለው፣ ከሰርጓ ጀምሮ አገሩ ሁሉ የሚያውቀው።

«ሻርፕሽስ?» አልኳት።

«አጠገቤ የወደቀች ሴት ነበረች። ደም አልቆም ሲላት ወገቧን አሰርኩላት። አውርታኝ ነበር፤ ውሃ ስጪኝ ብላኛለች። ስሟን ግን አልጠየቅኳትም።» «ስሟን መጠየቅ ነበረብኝ፣ አይደል?»

«አይደለም» አልኳት። «ማሰርሽ ይበቃል።»

ለአጎቴ ስነግራቸው አልሐምዱሊላህ አሉና ፊታቸውን በሁለት እጃቸው ሸፈኑ። ደስታና ኀዘን በአንድ ጊዜ ሲመጣባቸው ያየሁት ያን ቀን ነው። አንዲት ልጅ ተርፋለች፤ አንዲት የማናውቃት ደግሞ በሰው ስም ተቀብራለች።

ሊቀ መንበሩ ይህን ሲሰማ ሮጦ መጣ። «እንዳትነኪው» አለኝ። «ቁጥሩ አይለወጥም እኮ። አንዷ ወጥታ አንዷ ትገባለች። አንድ ስህተት ካመንን ሁሉንም ውሸት ነው ይሉናል።»

«ይበሉ። በሕይወት ያለች ሴት ቀብሬ እውነት ነው አልልም።»

የወጣቷን ስም አወጣሁ። በቦታው «ስሟ ያልታወቀች ሴት፤ ወገቧ በአረንጓዴ ሻርፕ የታሰረ» ብዬ ጻፍኩ። ከገጹ ግርጌም ቀድሞ ተሳስተን እንደነበር፣ ማን እንዳረመንና እንዴት እንዳወቅን ሳልደብቅ አሰፈርኩ።

ማኅበሩ አንድ እሑድ ጠዋት በእድር አዳራሽ ጠቅላላ ስብሰባ ጠራ። ለውጭ የሚላክ መግለጫ ተነበበ፤ «ከመቶ በላይ» ይላል። እጄን አወጣሁ። ዕድል ስላልተሰጠኝ ሳይሰጠኝ ተነሣሁ። ወንዶቹ ተቀመጪ አሉኝ፤ አልተቀመጥኩም። ከአንደኛው ስም ጀመርኩ።

መጀመሪያ ጉርምርምታ ነበር። አምስተኛው ስም ላይ ስደርስ ከኋላ አንዲት ሴትዮ «ወንድሜ ነው» አሉ። ቀጥሎ አንዱ «የኔ ናት፣ እናቴ ናት» አለ። ከዚያ በኋላ ማንም አላቋረጠኝም። ስም በጠራሁ ቁጥር ከአንድ ጥግ ሰው ይመልሳል። ስማቸው ያልታወቀው ሁለቱ ጋ ስደርስ ማንም አልመለሰም፤ አጎቴ ተነሡና «እኔ ቀብሬአቸዋለሁ፣ እኔ አለሁላቸው» ብለው ቆሙ። አንብቤ ስጨርስ ሁለት ቤተሰቦች ወደ ፊት መጡ። ቆስለው ወደ ሌላ ከተማ ሲወሰዱ መንገድ ላይ የሞቱባቸው ናቸው፤ አጎቴ አላወቋቸውም ነበር። የት ተቀበሩ፣ ማን ቀበራቸው ብዬ ጠየቅኩ፤ ነገሩኝ፤ እዚያው ቆሜ በእስክሪብቶ ጨመርኩ። ዝርዝር በዚህ መንገድ ከጨመረ ማንም አይከለክለኝም።

መግለጫው እንዳለ ሄደ። ያ «ከመቶ በላይ» እስከ ዛሬ ይዞራል፤ «ጥቂት ሰዎች» ያሉትም አላረሙም። ከማኅበሩ ሥራ አስፈጻሚም አወጡኝ። ዝርዝሩን የሱቄ ግድግዳ ላይ ለጠፍኩት። አንድ ቀን ጠዋት ስመጣ ተቀዶ አገኘሁት፤ ሌላ አትሜ ለጠፍኩ። ደግሞ ተቀደደ፤ ደግሜ ለጠፍኩ። የማያውቀኝ ሰው ገብቶ «ይሄን ለምን አታወርጂውም?» ሲለኝ «ማተሚያው የኔ ነው፣ ወረቀትም አላለቀብኝም» አልኩት። ከዚያ ወዲህ አልተነካም።

አጎቴ መንገዱ ሲከፈት አገራቸው ተመለሱ። ሊያርሱ ነው እንጂ ሌላ ምን ይሠራሉ።

ባለፈው ክረምት አንድ ጎልማሳ ሰው ሱቄ ገባ። ዝርዝሩን ቆሞ ከላይ እስከ ታች አነበበ። ሲናገር ከየት እንደሆነ አወቅኩት፤ ያኔ እኛ ላይ ከተኮሱት ወገን ነው። እሱም እንዳወቅኩት የገባው መሰለኝ፤ ከበሩ ብዙም አልራቀም።

«እኛም ጋ ሞተዋል» አለ። «በእናንተዎቹ። ቤተ ክርስቲያን ግቢ ውስጥ ነው የቀበርናቸው። የኛዎቹ ሺህ ይላሉ፣ የእናንተዎቹ የለም ይላሉ። እኔ የማውቃቸውን ብቻ ማጻፍ እፈልጋለሁ። ትጽፊልኛለሽ?»

ወዲያው እሺ አላልኩም። የአባቴ የአጎት ልጆች ፊቴ ድቅን አሉ። ይህ ሰው ወንድም ነበረው? ወንድሙ ያኔ የት ነበር፣ ከተኳሾቹ ጋር? መጠየቅ ፈለግኩ፤ አፌ ላይ ደርሶ ተውኩት። ሊቀ መንበሩ «ስም ማን ይጠይቃል?» ሲለኝ «እኔ» ብያለሁ። ለዘመዶቼ ብቻ ነው አላልኩም።

«ተቀመጥ» አልኩት።

ዘመዶቼ ሲሰሙ ጉድ አሉ። የአክስቴ ልጅ «ለእነሱም ትጽፊያለሽ?» ብላ ደወለች። «እጽፋለሁ» አልኳት። ስልኩን ዘጋችብኝ፤ እስካሁን አላናገረችኝም። ሰውየው ሐሙስ ሐሙስ ከሥራ ሲወጣ ይመጣል። ሲናገር ቀስ ይላል፣ አንዳንዴ አንድ ሰው ላይ ብቻ ተክዞ ሰዓቱ ያልቃል። አላጣድፈውም። አራተኛው ገጽ ላይ ደርሰናል።