‹ለ› ናት እንጂ ‹ሉ› አይደለችም

የሰፈሩ ሰው እውነተኛ ስሟን ከረሳው ቆይቷል። ትልልቆቹ «አይደለም» ይሏታል፣ ትንንሾቹ «እማማ አይደለም»። ዳቦ ቤት ስትገባ «አይደለም መጣች፣ ትኩሱን አውጡላት» ይባላል። እንግዳ ሰው በሯን አንኳኩቶ «የአይደለም ቤት ይሄ ነው?» ሲል፣ ልጇ «ነው» ትልና ሁለቱም ሳቃቸው ያመልጣቸዋል። ሌላ ሴት ብትሆን እንዲህ ያለ ቅጽል ስም ያሳፍራት ይሆናል። ይቺ ግን እንደ ሜዳልያ ነው ያንጠለጠለችው፤ ደግሞም ይገባታል።

ዕድሜዋን የፈጀችው በትልቁ ሆስፒታል ልብስ ማጠቢያ ክፍል ነው። ከመሬት በታች ያለ፣ ግድግዳው ክረምት ከበጋ የሚያልበው፣ ጣሪያው ላይ ቧንቧ የሚተራመስበት ክፍል። ወደዚያ የሚወርደው ጨርቅ ሰው የወለደበት፣ የደማበት፣ ያስመለሰበትና የሞተበት አንሶላ ነው። እሷ ደሙን በቀዝቃዛ ውሃ ትነክራለች፤ ሙቅ የነካው ደም ይረጋልና። ከዚያ ታጥባለች፣ ትቀቅላለች፣ ትጨምቃለች፣ ግቢው ውስጥ ገመድ ላይ ታሰጣለች፣ ተኩሳ አጣጥፋ ወደ ላይ ትልካለች። «ሐኪሙ ያክመው እንጂ፣ በሽተኛው የዳነው በእኔ አንሶላ ላይ ተኝቶ ነው» ትል ነበር። ኩራቷ የዛሬ አይደለም ለማለት ነው።

በወጣትነቷ ጊዜ አገሩን የሚመሩት፣ ሕዝቡ በአክብሮት «ሽማግሌው» የሚላቸው ሰው ነበሩ። አገሪቱ ልትበታተን ስትል አንድ አድርገው ያቆሟት እሳቸው ናቸው፤ ይሄንን ጠላታቸውም አይክድም። ፎቶግራፋቸው ያልተሰቀለበት ቢሮ አልነበረም። ሐሜቱም የዚያኑ ያህል ነበር። ወንበሩን አላሞቁትም አቃጠሉት እንጂ የሚል ነበር፤ ሙገሳ ይወዳሉ፣ አጎብዳጅ ሰብስበዋል የሚልም ነበር። ይሄ ሁሉ ግን የሚባለው ግራ ቀኝ ታይቶ፣ ድምፅ ዝቅ ተደርጎ ነው።

አንድ ቀን የከተማው ሠራተኛ በሙሉ ወደ ትልቁ አዳራሽ ተጠራ። ሽማግሌው ንግግር ሊያደርጉ ነው። አጣቢዎቹ ሳሙና ሳሙና እየሸተቱ ከኋላ ተደረደሩ። በዚያን ጠዋት እሷና ጓደኞቿ፣ የማጠቢያ ክፍሉ ቧንቧ እንደ ልማዱ ደርቆ፣ ከማዶ ሰፈር ውሃ በባልዲ ሲያመላልሱ ነው የነጋባቸው። ክንዷ ዝሏል፣ መዳፏ በባልዲው እጀታ ቀልቷል። ሽማግሌው አነበቡ፣ አነበቡና እዚህ ላይ ደረሱ፦

«የውሃ ነገር በዚህች ከተማ ያለቀ ጉዳይ ነው።»

ሰው ለማጨብጨብ እጁን አነሳ።

«አይደለም!»

አስባበት አልነበረም። ቃሉ ራሱ ነው የወጣው። ሊያጨበጭብ የተነሳው እጅ ሁሉ ባለበት ቀረ። አጠገቧ የተቀመጠችው ጓደኛዋ «ያፍ ወለምታ በቅቤ አይታሽም፤ አለቀልሽ» ብላ በሹክሹክታ ተሰናበተቻት።

ሽማግሌው መነጽራቸውን አወለቁ። «ምኑ ነው ያላለቀው?» አሉ።

ከተናገሩ ወዲህ መቀመጥ የለም ብላ ተነሳች። «ውሃው ነዋ፣ ጌታዬ! ዛሬ የወላዶችን አንሶላ ያጠብነው ከማዶ ሰፈር ተሸክመን ባመጣነው ውሃ ነው። ቧንቧው ከደረቀ ሰንብቷል።»

ሽማግሌው ወረቀታቸውን አዩ፣ እሷን አዩ፣ እንደገና ወረቀታቸውን አዩ። «እንግዲያው ያለቀ ጉዳይ አይደለም» አሉና ገጹን ገለበጡ። ይሄ ሁሉ በሬዲዮ ጣቢያው ካሴት ላይ ተቀርጿል።

ነገሩ በዚያ ያበቃ መስሏት ነበር። በማግስቱ ግን ከማጠቢያው በእርጥብ እጇ ተጠርታ ወደ አስተዳዳሪው ቢሮ ወጣች። ግራጫ ኮት የለበሰ የማታውቀው ሰው ወረቀት ይዞ ተቀምጧል።

«‹አይደሉም› ብለሻል» አላት።

«‹አይደለም› ነው ያልኩት።»

«እዚህ ‹አይደሉም› ይላል።»

አሁን ይሄን ነገር ቀልድ የሚያደርግ ይኖራል። ‹አይደለም› የሚባለው ለነገር ነው፤ የተባለው ልክ አይደለም ማለት ነው። ‹አይደሉም› ግን ለሰው ነው፤ ያውም አንቱ ለሚባል ሰው። እርስዎ መሪ አይደሉም፣ እውነተኛ አይደሉም፣ ምንም አይደሉም እንደማለት ነው። ‹ለ› ከጎኗ አንዲት ጭረት ስትጨመርባት ‹ሉ› ትሆናለች፤ በዚያ ዘመን ደግሞ በዚያች ጭረት ሰው ይታሰር ነበር። ሞኝና ወረቀት የያዘውን አይለቅም እንዲሉ፣ ሰውየው ወረቀቱን አልለቅም አለ። በመጨረሻ ካሴቱ ከሬዲዮ ጣቢያው መጣ። አዳመጡ። ሰውየው አላመነም፤ መልሶ አዳመጠ። አስተዳዳሪው በላብ ተጠምቋል።

«‹ለ› ናት» አለ ሰውየው፣ አንድ ነገር የተሰረቀበት ይመስል ፊቱን አጨፍግጎ።

«እኔማ ነግሬህ ነበር» ብላ ወደ አንሶላዋ ወረደች። እስከ ደረጃው ድረስ ኮራ ብላ ሄደች፤ ደረጃው ላይ ስትደርስ ግን ቁጭ ብላ አለቀሰች።

ውሃው ለማጠቢያ ክፍሉ ቆይቶም ቢሆን መጣ። ከከተማው በላይ ተራራው ላይ ላሉት ሰፈሮች ግን ሽማግሌው በሕይወት እያሉ አልመጣም፤ ይሄም መነገር አለበት።

ሽማግሌው ሞቱ፤ አገር አለቀሰ። ከዚያ ወዲህ በሙት ዓመታቸው ሬዲዮው ያንን ንግግር ያሰማል። በዚያ ቀን ቤተሰቡ ሬዲዮኑን ይከባል፦ አጣቢዋ፣ ልጇና የአውቶቡስ ሾፌር የሆነው የልጇ ባል። የሾፌሩ አባት አስተማሪ ነበሩ። «ሽማግሌው አሁን ቢያርፉ ይሻላል» ብለው ጋዜጣ ላይ በመጻፋቸው፣ በሽማግሌው በራሳቸው ፊርማ ከሥራ ተባረሩ፤ ጠመኔ ዳግመኛ በእጃቸው ሳይነኩ ሞቱ። ስለዚህ ሾፌሩ ሽማግሌውን አንቱ ብሎ አያውቅም፤ «ሰውዬው» ነው የሚላቸው። በየዓመቱ የአማቱን «አይደለም!» ጠብቆ እየሳቀ ያጨበጭብና፣ የሽማግሌው መልስ ሳይጀመር ተነስቶ በረንዳ ይወጣል። መልሱን ልትነግረው ብትሞክር ጆሮ ዳባ ልበስ ይላል።

ጊዜው ደግሞ ተገለበጠ። በሽማግሌው ዘመን በሹክሹክታ ይባል የነበረው በአደባባይ ይባል ጀመር፤ ያልተባለውም ተጨመረበት። ትናንት እግራቸውን ለመሳም የተጋፋ ሁሉ ዛሬ «እኔ ድሮም አውቃቸው ነበር» ይላል። ወዳጆቻቸው በበኩላቸው እልህ ይዟቸው፣ እንከን የማይወጣላቸው መልአክ አደረጓቸው። አጣቢዋ ሁለቱንም ወገን ስትሰማ ታዛጋ ነበር።

በዚያው ሰሞን የሙት ዓመቱ ደረሰ። ቤተሰቡ ተሰበሰበ። «የውሃ ነገር በዚህች ከተማ ያለቀ ጉዳይ ነው» አለ ሬዲዮው። ሾፌሩ ሊያጨበጭብ እጁን አነሳ። ወዲያው ጭብጨባ ተከተለ፤ የእሱ ግን አልነበረም፣ የአዳራሹ ነው። ቃሏ የለም። ጥያቄውም መልሱም የለም። ንግግሩ ስለ መንገድ ሥራ ቀጠለ።



«አዩ፣ እማማ?» አለ ሾፌሩ። «ሰውዬው ሞቶም ቆረጠዎት!»

«እሳቸው አይደሉም የቆረጡት!» አለች። ያቺን ‹ሉ› በሕይወቷ ለሽማግሌው ስትጠቀምባት ያን ጊዜ የመጀመሪያዋ ነበር፤ ያውም ለጥብቅና።

«እርስዎ ውሸታም ስላሉት ነዋ ጣቢያው የፈራው» አለ ሾፌሩ።

«ማን ነው ውሸታም ያለው? አንተም እንደዚያ ባለ ግራጫ ኮት ‹ለ›ን ‹ሉ› ልታደርግብኝ ነው?»

ያን ዕለት እራት አልበላችም። ካሴቱ ነበር ምስክሯ። እሱ ከተቆረጠ፣ እሷ ስታልፍ ማንም እንደፈለገው ይጽፋታል፤ አንዱ ተሳዳቢ፣ ሌላው አጨብጫቢ ያደርጋታል። ሁለቱንም አልነበረችም።

በማግስቱ የክት ጫማዋን ተጫምታ ሬዲዮ ጣቢያ ሄደች። የፕሮግራሙ ኃላፊ ትሁት ሴት ናት፤ ወንበር ስባ አስቀመጠቻት፣ ነገሩንም አልካደችም።

«እናቴ፣ ሰው ሁሉ እየተነሳ ይሰድባቸዋል። በሙት ዓመታቸው እንኳ አንድ ቀን ሳይተቹ ይዋሉ ብለን ነው። ሙት ወቃሽ አያድርገን።»

«እኔ እኮ በቁማቸው ነው የወቀስኳቸው!» አለች አጣቢዋ። «በቁማቸው ሰምተውኝ፣ ባደባባይ ነው የታረሙት። እናንተ ያንን ቆረጣችሁና ምን ቀረ? ‹የውሃ ነገር ያለቀ ጉዳይ ነው› ብለው ዋሽተው ያለፉ ሰውዬ! ለክብራቸው ብላችሁ ውሸታም አደረጋችኋቸው፣ ልጄ።»

ኃላፊዋ እስክሪብቶዋን ጠረጴዛው ላይ አስቀመጠች። ከዚያ «ይሄንን በማይክሮፎን ይሉታል?» ብላ ጠየቀች።

«በአዳራሽ ያልኩት ሴትዮ ማይክሮፎን ልፈራ ነው?»

ያለችውን አደረገች። ስለ ባልዲው፣ ስለ ግራጫው ኮት፣ ስለ ‹ለ› እና ‹ሉ› አንድ በአንድ ተናገረች። አቅራቢው «እንግዲህ እርስዎ ወዳጃቸው ነዎት ወይስ ተቺያቸው?» ብሎ ጠየቃት።

«ልብስ አጣቢ ነኝ። እድፍ አየሁ ብዬ አንሶላ አልጥልም፣ እድፉንም የለም አልልም። አሁንም አንድ ልጨምር። አንድ አስተማሪ ‹ይረፉ› ብለው ስለጻፉ ከሥራ አባረሯቸው። ልክ አይደለም። እኔን እንደሰሙኝ እሳቸውንም ሊሰሟቸው ይገባ ነበር። አስተማሪው የልጄ ባል አባት ናቸው፤ ጨዋ ሰው ነበሩ።»

ሾፌሩ በዚያ ሰዓት መሪ ጨብጦ ነበር። አውቶቡሱ ውስጥ ሬዲዮ ተከፍቷል። «ወራጅ አለ!» ቢሉት አይሰማ፣ «ወራጅ!» ቢሉት አይሰማ፣ ፌርማታውን አልፎ ነጎደ። ተሳፋሪው ሲሰድበው ቆየና ፊቱን በመስታወት ሲያየው ዝም አለ። ማታ እቤት ሲገባ ጫማውን አውልቆ አማቱ አጠገብ ተቀመጠ።

የሚቀጥለው ሙት ዓመት ደረሰ። ጣቢያው ዋናውን ካሴት ከመደርደሪያው አውርዶ ሙሉውን አሰማ።

«የውሃ ነገር በዚህች ከተማ ያለቀ ጉዳይ ነው።»

«አይደለም!» አለች ያቺ ወጣት፣ ድምፅዋ እንደ ደወል ጠርቶ። አሮጊቷ ወንበሯ ላይ ቀና አለች። ሾፌሩ አጨበጨበ፤ አጨብጭቦም እንደ ልማዱ ተነሳ። ሚስቱ ወደ በረንዳው እንዲያልፍ እግሯን ሰበሰበችለት። እሱ ግን ወደ ሬዲዮኑ ሄደና ድምፁን ጨመረው።

«ምኑ ነው ያላለቀው?» አሉ ሽማግሌው። ወጣቷ መለሰች። ወረቀት ተንኮሻኮሸ። «እንግዲያው ያለቀ ጉዳይ አይደለም።»

ሾፌሩ እጁን ከሬዲዮኑ ሳያነሳ ዞረ።

«እንዲህ ብለው ነበር እንዴ፣ እማማ?»

«ብለው ነበር» ማለቱን ሰማች፤ አንቱታው አላመለጣትም። ደስታዋ ፊቷን ሞላው።

«በየዓመቱ ነው የሚሉት» አለችው። «አንተ በረንዳ ላይ ሆነህ ነው።»